የእማማ ኮረብታ ፎቶ

«መምጣቱን ነይ፤ እዚያ ግን አንዲት ቃል እንዳትተነፍሺ» አላት።

ይህን ያለው ታናሽ ወንድም ነው፤ የተባለችው ደግሞ ታላቅ እህቱ ናት። እሱ መስታወት ፊት ቆሞ ክራባቱን ያስራል፤ እሷ ገና ከዳቦ ቤት መመለሷ ስለሆነ ፌስታሏን እንዳንጠለጠለች በሩ ላይ ቆማለች። ዳቦ መጨመሩን፣ መጨመሩ ሳያንስ ማነሱን፣ ባለ ዳቦ ቤቷንም ልክ ልኳን ነግራት እንደመጣች ልታወራው አፏን ስትከፍት ነው ነገሩን ያወረደባት። ሚስቱ ቀሚሷን እየተኮሰች ነበር፤ ቀና ብላ አየችው፣ ከዚያ ምንም እንዳልሰማች እጅጌውን ገልብጣ መተኮሷን ቀጠለች። ማጀት ያለችው የተበላሸች ቧንቧ ጠብ ጠብ ትላለች። ጎማዋ እንዲቀየር ሚስቱ ስትለምነው ወር አልፏል፤ እሱ ግን ጆሮ ዳባ ልበስ ብሏል።

«ሙት መቼ ተናግሮ ያውቃል» አለች እህቱ እታለም፣ ሳቅ ብላ።

«ቁም ነገር ነው የምነግርሽ።»

«ገብቶኛል አልኩህ እኮ። በልተሃል?»

አልበላም። እዚያ ይበላል አላት። እሷም ዳቦውን ጠረጴዛው ላይ አስቀምጣ ወደ ጓሮ ክፍሏ ልትሄድ ከዞረች በኋላ መለስ አለች። «ያ ፎቶስ? መስታወቱ እስካሁን አልተሠራም? ግድግዳው ራቁቱን ቀረ እኮ።» ክራባቱ እጁ ላይ ተፈታበት። ነገ ነው ያለኝ ሰውዬው፣ ሥራ በዝቶበት ነው፣ አላት። ነገ የሚባል ነገር እንደሌለ ያውቃል። ጆሮው ሲግል ተሰማውና ደግነቱ ጀርባዬን ሰጥቻታለሁ አለ በልቡ፤ መስታወት ፊት መቆሙን ረስቶት ነው።

ነገሩ ለማያውቅ ሰው የእብድ ንግግር ይመስላል። እንግዲህ የከተማችን ሬዲዮ ዛሬ ሠላሳ ዓመት ሞላው። ሥራው ወሬና ኳስ ነው፤ ጧት ጧት ሕዝቡ እየደወለ ያማርራል፣ ከሰዓት ኳስ ይተላለፋል፣ ወደ ማታ ሕዝቡ ስለተላለፈው ኳስ እየደወለ ያማርራል። ይህ ሰው የመጀመሪያው የስፖርት ጋዜጠኛ ነው፤ ከተማው በሙሉ ፉጨት ይለዋል። ጣቢያው ሲከፈት የነበረችው ማይክራፎን ጩኸት አትችልም፣ ድምፅ ትንሽ ከፍ ካለ ትንጣጣለች፤ ስለዚህ ጎል ሲገባ እንደ ሌላው ጋዜጠኛ መጮኹን ትቶ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ያፏጫል። ማይክራፎኗ ከተጣለች ስንት ዘመኗ፤ ስሙ ግን አልለቀቀውም፣ አሁን ሽማግሌ ሆኖም ፉጨት ነው።

ያኔ ጣቢያው ከመለዋወጫ ሱቅ በላይ ያሉ ሁለት ክፍሎች ነበር። ግድግዳው ላይ ድምፅ እንዳያስተጋባ የእንቁላል ካርቶን ተለጥፏል፤ ሱቁ ውስጥ መዶሻ ሲመታ ዜና አንባቢው ያቋርጣል። አንድ ስልክ አለች፤ እሷም አትጮኽም። ሕዝቡ ያዳምጣል እንጂ አይደውልም፤ ሰው ሲሰማኝ ምን ይለኛል ብሎ ያፍራል። ባለቤቱ እስከ ወሩ መጨረሻ ድረስ ሰው ካልደወለ ዘግቼ የመኪና ጎማ እሸጥበታለሁ ሲል ፉጨት ጭንቅ ጥብብ ብሎት ወደ እህቱ ሮጠ። እታለም የዚያን ጊዜ ሆቴል ቤት የስልክ ኦፕሬተር ናት፤ ስልክ እንደ ልቧ ነው። ገና ወጣት ነበረች፤ አገጯን አንገቷ ውስጥ ቀብራ ድምፅዋን ስታወፍረው ግን ቁጭ ያሉ የሰባ ዓመት አሮጊት ትሆናለች። በማግሥቱ ደወለች። «ልጆቼ፣ በልታችኋል?» አለች፤ ከዚያ ከኮረብታው ነው የምደውለው ብላ የከተማውን ቡድን ተከላካዮች አንድ በአንድ እየጠራች እንደ ልጆቿ ተቆጣቻቸው። በሳምንቱ ሕዝቡ ለእሷ መልስ ለመስጠት መደወል ጀመረ፤ ከዚያ ማን ያቁመው። ስም አውጪ መቼም ሞልቷል፣ እማማ ኮረብታ ተባሉ። ኮረብታው ላይ ያኔ ስልክ ያለው አንድ ቤት አልነበረም፤ ይህንን ያሰበ ሰው ግን አልተገኘም።

እንዲህ ሆኖ ጥቂት ዓመት ተኖረ፤ እማማ ኮረብታ ከከንቲባው በላይ ተደማጭ ሆኑ። ከዕለታት አንድ ቀን ግን በደህናው ጧት ደውለው አንድ ጥያቄ ጠየቁ። ሜዳው ላይ ለርካሹ ትኬት ጎን ጣራ ይሠራበታል ተብሎ የመጣው ቆርቆሮ የክለቡ ፕሬዚዳንት በረት ላይ ምን ይሠራል? ልጆቼ ዝናብ ሲወርድባቸው የሰውዬው ላሞች ደረቅ ያድራሉ አሉ። ከተማው ሳምንት ሙሉ ሳቀ። የክለቡ ፕሬዚዳንት የጣቢያው ባለቤት የሚስት ወንድም ነው። ባለቤቱ ፉጨትን ጠርቶ በሩን ዘጋና ይህቺን ሴትዮ አንድ በላት አለው። ፉጨትም በማግሥቱ ገደላት። እማማ ኮረብታ በእንቅልፍ ላይ እንዳሉ አረፉ፣ ቀብራቸውም በትውልድ ቦታቸው ተፈጸመ ብሎ ሳግ እየተናነቀው በሬዲዮ ተናገረ። እሑድ ጨዋታው ሳይጀመር ሜዳው ሙሉ ሕዝብ በፀጥታ ቆመ፤ እታለምም ሰው መሃል ቆማ ለራሷ አንገቷን ደፋች። ከዚያ ወዲህ በዚህ ቤት ነገሩ በቀልድ ካልሆነ በቁም ነገር ተነስቶ አያውቅም። እሷ አልደወለችም፣ እሱም ደውዪ አላላትም።

ዛሬ ታዲያ አትናገሪ ያላት ለምንድን ነው? ድምፁ የእሷ ስለሆነ ነው። ዱሮ አገጯን ቀብራ በግድ የምታመጣው ድምፅ አሁን እድሜ በነፃ አምጥቶላታል፤ ስልሳን ካለፈች ወዲህ ገና እንደምን አደርክ ስትል እማማ ኮረብታ ናት። ሠፈርተኛው ለምዷት አያስተውልም። ዛሬ ግን በዓሉ በሚከበርበት ኳስ ሜዳ፣ በድምፅ ማጉያ የእማማ ኮረብታ የዱሮ ቴፕ ይከፈታል፤ ቴፑን ሰምቶ ከዚያ እሷን የሰማ ሰው አይሳሳትም። ቤት ብትቀር ደስ ባለው፤ አልቀርም አለች። የራሴ መታሰቢያ ነው፣ እኔ ያልተገኘሁበት ማን ሊገኝበት ነው አለች። ሚስቱም ተይ አላለቻትም።

ወደ ሜዳው በእግር ሄዱ፤ ሁለቱ ሴቶች ከፊት፣ እሱ ከኋላ። አዲሱ ሙሉ ልብሱ የሁለት ወር የቤት ኪራይ ያህል ወጥቶበታል፤ ብብቱ ሥር ይይዘዋል። ከልብሱ ይልቅ የያዘው ግን ሌላ ነገር ነው። አዲሱ ሥራ አስኪያጅ ገና ሲመጣ የጣቢያው ታሪክ የሜዳው ግድግዳ ላይ መሣል አለበት አለ፤ ከታሪኩ ሁሉ ደግሞ እማማ ኮረብታ ይቅደሙ አለ። እርስዎ ያውቋቸው ነበር አይደል፣ ፎቶአቸው ይኖርዎታል? ብሎ ፉጨትን ጠየቀው። ፉጨት የለኝም ማለት ይችል ነበር። ምን ዋጋ አለው፣ በሕይወት ሳሉ ቤታቸው ድረስ እየሄድኩ እጠይቃቸው ነበር፣ ልጄ ነበር የሚሉኝ እያለ ስንት ዓመት ሲያወራ ኖሯል፤ አፉን የሚይዝለት አልነበረውም። «አለኝ» አለ። ቤት ገብቶም ዞር ዞር ብሎ አየ። ቤቱ ውስጥ ያለችው አንዲት የዱሮ ሴት ፎቶ እታለም ክፍል ያለችው ናት።

ያቺ ፎቶ የእናታቸው ናት። ሌላ ፎቶ የላትም። ሁለቱ ወደዚህ ከተማ ከመምጣታቸው በፊት ሞታለች፤ እሱ ገና ሕፃን ስለነበር መልኳን የሚያውቀው ከዚያች ፎቶ ነው፣ ያሳደገችው እታለም ናት። ሻሽ አስራ፣ ፀሐይዋ ስለበዛባት አንድ ዓይኗን ጨፈን አድርጋ ቆማለች። እታለም ጧት ስትነሳ መጀመሪያ እሷን ነው የምታየው። ፉጨት ከሚስማሩ ላይ አነሳት፤ መስታወቱ ጥጉ ላይ ተሰንጥቋል፣ ላሠራው ነው ብሎ ወሰዳት፤ ለጣቢያው ግን የእማማ ኮረብታ የወጣትነት ፎቶ ነው ብሎ ሰጠ። ሠዓሊውን እንዳለች እንዳትሥላት፣ ሽበት ጨምር፣ ፊቷን ሞላ አድርገው ብሎ ለምኖታል። ሠዓሊው እሺ ብሏል። ሥዕሉ ካለቀ በኋላ ግን ፉጨት ሄዶ ለማየት እግሩ እምቢ አለው፤ መጋረጃ ተጋርዶበታል፣ ዛሬ ነው የሚገለጠው። አልፎ አልፎ ምናልባት አታውቃትም ይላል ለራሱ፤ ዓይኗ ደክሟል ይላል። እናቷን።

ሜዳው ላይ ወንበር ተደርድሯል። ከተጋረደው ግድግዳ ፊት ለፊት በመጀመሪያው ረድፍ ባለሥልጣናቱና ሥራ አስኪያጁ፣ ከጎናቸው ፉጨትና ቤተሰቡ፤ ከእታለም ቀጥሎ ደግሞ ባለ ዳቦ ቤቷ ተቀመጠች፤ ለግብዣው ዳቦ ያቀረበችው እሷ ስለሆነች ነው። ጧት የተጣሉትን ረስተው ተሳሳቁ፤ እታለም ልትመልስላት ስትል ወንድሟ አያት፣ እሷም ራሷን ነቅንቃ ዝም አለች። ባለ ዳቦ ቤቷ ዛሬ ምን ነካሽ አለቻት። ርካሹ ጎን ጣራ አሁንም የለውም፤ የመጣው ሕዝብ ፀሐይ እየመታው ጋዜጣ ራሱ ላይ አድርጓል።

መድረኩን የያዘችው የጣቢያውን ታሪክ ያዘጋጀችው ወጣት ጋዜጠኛ ናት። ጎበዝ ልጅ ናት፤ ሁሉንም ከእንቁላል ካርቶኑ ጀምራ ተረከችው። ስለ ቆርቆሮው ግን አልነበረም፤ አልነገሯትም። ከዚያ ቴፑን አስከፈተች። ድምፅ ማጉያው ተንኮሻኮሸና «ልጆቼ፣ በልታችኋል?» አለ። ሕዝቡ በአንድ ጊዜ ሳቀ፣ በዚያው አፍታ ብዙው ሰው ዓይኑን ጠረገ። ፉጨት ቀጥ ብሎ ፊት ለፊት አየ። ከሚስቱ ወዲያ እታለም ከንፈሯን ታንቀሳቅሳለች፤ ቴፑ የሚለውን ሳታሰማ ትለዋለች፣ አንዲት ቃል አልሳተችም።

የዱሮው የቡድኑ አምበል ተነስቶ ተናገረ። አሁን ጉልበቱ እምቢ ብሎት በምርኩዝ ነው የሚሄደው። በዚያ ዓመት ፍጹም ቅጣት ምት የሳትኩ ዕለት፣ አለ፣ ቤቴ ላይ ድንጋይ ሲወርድ አደረ፤ ሚስቴ ከተማውን ለቀን እንሂድ ብላ ዕቃ ስትሸክፍ ሬዲዮው ክፍት ነበር፤ እማማ ኮረብታ ደወሉና ልጄ ቤት ድንጋይ የወረወራችሁ ሁሉ፣ ኑና እኔ ላይ ጨርሱ አሉ። በዚያው ቀን ሰዎች መጥተው መስኮቴን ሠሩልኝ። በአካል አላየኋቸውም፣ አንድ ቀን እንኳን እግዜር ይስጥልኝ አላልኳቸውም፣ ይኸው ነው የሚቆጨኝ ብሎ አለቀሰ። እሱ ቆሞ ከሚያለቅስበት እታለም እስከተቀመጠችበት እጅ ቢዘረጋ ይደርሳል። ፉጨት መሬት ተከፍታ ብትውጠኝ አለ። እንዲህ ማለት የሰው ሁሉ ወግ ነው፤ እሱ ግን የእውነት መሬቱን አየው።

መጋረጃው ወረደ። ሠዓሊው ሽበት ጨምሯል፣ ጉንጯንም ሞላ አድርጎታል፣ ቃሉን ጠብቋል። ያቺን ጨፈን ያለች ዓይን ግን እንዳለች ትቷታል። ሲጠየቅ ያቺ ዓይን ናት ሴትዮዋን የምታስወድድ አለ። ሚስትየው የባሏን እጅጌ ያዘች፤ «ይሄ…» ስትል «ዝም በይ» አላት በጥርሱ መሃል። እታለም ግን ብድግ አለች። ሌላው ሰው የተቀመጠ መሆኑን ያየችም አትመስልም፤ ሻሿን አስተካከለች፣ ቀሚሷን ወደታች ሳብ ሳብ አደረገች፣ ትልቅ ሰው ፊት እንደሚቆም ሰው ቆመች። ሥራ አስኪያጁ በማይክራፎን ዋናው ፎቶ ከዛሬ ጀምሮ ጣቢያው መግቢያ ላይ በክብር ተሰቅሎ እንደሚኖር፣ ለዚህም የአንጋፋው ጋዜጠኛችን ውለታ እንደማይረሳ ተናገረ። ጭብጨባው ቀለጠ። ፉጨት ተነስቶ እጅ ነሳ።

ከዚያ ወጣቷ ጋዜጠኛ ማይክራፎኗን ይዛ በቀጥታ ስርጭት የመጀመሪያውን ረድፍ ሰው በሰው ታዳርስ ጀመር። ሁሉም ስለ እማማ ኮረብታ አንዳንድ ቃል ይላል። ፉጨት ማይክራፎኗ ስትቀርብ ይቆጥራታል፤ ከንቲባው፣ ሥራ አስኪያጁ፣ እሱ ራሱ። እሱማ ተናገረ፣ ምን እንዳለ ግን አያውቀውም፤ አፉ ያለ እሱ መሥራት ከለመደ ቆይቷል። ሚስቱ በእጇ ይቅርብኝ አለች። ቀጥላ እታለም ናት፤ አሁንም ቆማለች።

«እርስዎስ እናቴ፣ እማማ ኮረብታን ያስታውሷቸዋል?»

እታለም ዓይኗን ከግድግዳው አንስታ ልጅቷን አየቻት፣ ከዚያ ወንድሟን። አፏን ከፈተች። ምን ልትል እንደነበር ከእሷ በቀር የሚያውቅ የለም፤ ምናልባት አስታውሳለሁ ብላ ብቻ ትቀመጥ ነበር። እሱ ግን አልጠበቀም፤ ተወርውሮ ማይክራፎኗን ያዘ።

«እህቴ ናት። መናገር አትችልም።»

«ውይ… ታመው ነው?»

«ከተወለደች ጀምሮ ነው። ዲዳ ናት።»

ይህ ሁሉ በቀጥታ ነው የተላለፈው። ልጅቷ ክው አለች፤ ይቅርታ እናቴ አላወቅኩም ብላ የእታለምን ትከሻ ዳበሰች፣ ቀጥላም በእጇ ወደ ሥዕሉ እያሳየች፣ ልቧን እየነካች በምልክት ልታናግራት ሞከረች። ከኋላ ምስኪን የሚል ሹክሹክታ ተሰማ። እታለም አፏን ቀስ ብላ ገጠመች፤ ለልጅቷም እሺ እንደማለት ራሷን ነቀነቀችላት። ባለ ዳቦ ቤቷ ጧት በዳቦ ዋጋ የዘለፈቻትን ሴት አየች፣ ፉጨትን ከእግር እስከ ራሱ አየችው፣ ከዚያ የራሷን ጫማ ማየት ጀመረች። ያ ነው የባሰበት። አንድ ሰው ተነስቶ ውሸታም ቢለው ይሻለው ነበር። ሠፈርተኛው ሁሉ እዚያ ነበር፤ ሁሉም አፈረለት፣ ስላፈረለትም ዝም አለ።

እጅ ሲጨብጥ፣ ሲታቀፍ፣ ፎቶ ሲነሳ ቆይቶ ዋንጫ ተሸልሞ ቤቱ ሲገባ ሴቶቹ ቀድመውት ነበር። ምሳ ቀርቧል፤ ሾርባና ያ ጧት የተገዛው ዳቦ። ዋንጫውን የት እንደሚያስቀምጥ ቸገረው፣ ሬዲዮው ላይ ሊያደርገው ብሎ ተወው፣ በመጨረሻ መሬት ላይ ከጫማዎቹ ጎን አስቀመጠው። ሚስቱ ሾርባዋን ታማስላለች እንጂ አትጠጣም። እታለም ዳቦ ቆርሳ ፊቱ አደረገችለት፤ በእጇ ወደ አፏ ጠቁማ ብላ አለችው። በእጇ ነው ያለችው። መጀመሪያ አልገባውም። «እታለም፣ እንዲያው አፌ አምልጦኝ እኮ ነው» አለ። ጨው አቀበለችው። «ተቆጪኝ እንጂ። ስደቢኝ። እኔ እኮ ስምሽ እንዳይነሳ፣ መሳቂያ እንዳትሆኚ ብዬ…» የማን መሳቂያ መሆን እንደፈራ እነሱም ያውቃሉ፣ እሱም ያውቃል። ቧንቧዋ ጠብ ጠብ አለች።

ከምሳ በኋላ እታለም እጁን ይዛ ወደ ጓሮ ክፍሏ ወሰደችው። ክፍሏ ጠባብ ናት፤ አልጋ፣ ሳጥን፣ መስኮቷ ላይ የልብስ ስፌት ክር። ልጅ ሆኖ እዚህ አልጋ ላይ ነው የተኛው፤ ትኩሳት ሲይዘው ያቺ ፎቶ ላይ አፍጥጦ ነው የነጋለት። እታለም ግድግዳውን አሳየችው። ፎቶዋ የነበረችበት ቦታ ከሌላው ቀለም ነጣ ብሏል፣ ከመሃሉ በላይ ሚስማር አለ። ሚስማሩን በጣቷ ነካችው፤ ከዚያ እጇን ዘረጋችለት፣ መዳፏን ወደላይ አድርጋ፣ ስጠኝ እንደማለት። ፉጨት አንገቱን ደፋ። ማታ አመጣዋለሁ አለ። እሷ መዳፏን እንደዘረጋች ትንሽ ቆየችና ልብሷን ልትቀይር በሩን ገርበብ አደረገችበት።

ፀሐይ ስታዘቀዝቅ የበዓሉን ክፍት መስመር ሊመራ ወደ ጣቢያው ሄደ። መንገዱን ሁሉ ያሰላስላል፤ ቀድሜ እገባለሁ፣ ፎቶዋን አወርዳለሁ፣ ለሥራ አስኪያጁ ነገ አንድ ነገር እለዋለሁ። አዲሱ ጣቢያ መግቢያው እብነ በረድ ነው። እናቱ ፊት ለፊት ተሰቅላለች፤ በወርቃማ ፍሬም፣ ከሥሯም «እማማ ኮረብታ፣ የጣቢያችን እናት» ተብሎ ተጽፎበታል። የተሰነጠቀው መስታወት ተቀይሯል። እጁን እንደዘረጋ የጥበቃው ሰው ከወንበሩ ተነሳና ኮፍያውን አወለቀ። «እኔም ስገባ ስወጣ ሰላም እላቸዋለሁ፤ አያቴ በሳቸው ምክንያት ነበር ሬዲዮ የገዙት» አለው። ፉጨት የተዘረጋ እጁን ምን እንደሚያደርገው ጠፋው፤ ፍሬሙን አቧራ እንዳለበት ጠረግ ጠረግ አድርጎ ወደ ውስጥ ገባ። ዓይኑን በጨው አጥቦ የኖረ ሰው እንኳን አንዳንዴ የእናቱ ፊት ይከብደዋል።

ስቱዲዮው ውስጥ ወጣቷ ጋዜጠኛ ከጎኑ ተቀምጣለች፣ ከመስታወቱ ወዲያ ቴክኒሻኑ አለ። ስልኩ አላቋርጥ ብሏል። እንኳን አደረሳችሁ ይላሉ፣ ቡድኑ ዘንድሮ አያምርበትም ይላሉ፣ እማማ ኮረብታን እግዜር ነፍሳቸውን ይማር ይላሉ። አንድ ሰው ደግሞ ስለ ጋሽ ፉጨት እህት ሰምቼ አዘንኩ፣ እንዲህ ያለ ሸክም ይዘው ይህን ሁሉ ማገልገላቸው ያስደንቃል አለ። ፉጨት አመሰገነ። ላብ አጥምቆታል፤ ክራባቱን ላላ አደረገ። ልጅቷ ቀጣዩን መስመር ከፈተች።

«ሃሎ፣ አየር ላይ ነዎት።»

መጀመሪያ የተሰማው የውሃ ጠብታ ነው። ጠብ፣ ጠብ። ፉጨት ያቺን ቧንቧ አወቃት።

«ልጆቼ፣ በልታችኋል?» አለ ድምፁ።

ልጅቷ ፈገግ ብላ ወደ ቴክኒሻኑ ዞረች፤ ቴፑን እሱ የከፈተው መስሏታል። ቴክኒሻኑ ሁለት እጁን ወደላይ አነሳ፤ ምንም አልነካም። የልጅቷ ፈገግታ ፊቷ ላይ ቀረ።

«የደወልኩት ስለ ፎቶው ነው» አለ ድምፁ። «መግቢያችሁ ላይ የሰቀላችሁት የእናቴ ፎቶ ነው። ሌላ የለኝም። ከግድግዳዬ ላይ ነው የተወሰደው፣ ሚስማሩ እንዳለ ነው። እንድትመልሱልኝ ነው።»

«እማማ… ማን ልበል?»

«እሱን ጠይቂው፤ አጠገብሽ ያለውን።»

የፉጨት እጅ ራሱ ሄዶ መስመሩን የሚዘጋው ቁልፍ ላይ አርፏል። ጫን ቢለው አለቀ፤ መስመሩ ተቋረጠ ይላል፣ ቀልደኛ አድማጭ ነው ይላል፣ ሳቅ ብሎ ሙዚቃ ያስከፍታል። ይህን ሁሉ ያውቅበታል። ልጅቷ ታየዋለች፣ ቴክኒሻኑ በመስታወቱ ያየዋል። «ጋሼ፣ ያውቋታል?» አለች ልጅቷ፣ ማይክራፎኑ ክፍት መሆኑን ረስታ። እጁን ከቁልፉ ላይ አነሳ።

«እህቴ ናት» አለ። ድምፁ የሬዲዮ ድምፅ አልነበረም። «እማማ ኮረብታ የሚባል ሰው አልነበረም። እህቴ ናት። አልሞተችም፣ እኔ ነኝ ሞተች ያልኩት።»

በመስመሩ ላይ ቧንቧዋ ጠብ ጠብ አለች። እታለም ልትቆጣው ነው ብሎ ጠበቀ፤ እንድትቆጣው ፈለገ፣ በሕዝብ ፊት እንደ ተከላካዮቹ እንድትዘልፈው ለመነ በልቡ።

«እህቱማ መናገር አትችልም» አለች እታለም፣ ቀስ ብላ። «ዛሬ ቀን በዚሁ ሬዲዮ የነገራችሁ እሱ ራሱ ነው። እኔ ፎቶዬን ብቻ ነው የምፈልገው።»

ስልኩን ዘጋችው። የተዘጋው መስመር ጩኸት ቴክኒሻኑ ነቅቶ ዝቅ እስኪያደርገው ድረስ በአየር ላይ ቆየ፤ ከተማውም ቁጭ ብሎ ሰማው።